ማይክ አቀባይ

ሙሐረቅ፣ ባሕሩ ዳር፣ የዱሮ የሉል መጋዘን፣
ዛሬ አዳራሽ ሆኖ፣ ወንበሩ ሁለት መቶ ሲሆን፣
እኔ ጥቁር ለብሼ፣ ጫማዬ ኮቴ እንዳያሰማ፣
ማይክ አቀብላለሁ፣ ለጠያቂ፣ ከጨለማ።
ደረቴ ላይ «ሊና» ይላል፤ አጭር ስም ነው የሚመቻቸው፤
አባቴ ያወጣው «ዘርፈሽዋል» ለሰሌዳው ረዘመባቸው።

ጋኒም መድረኩ ላይ ነው፣ እግሩን በእግሩ ላይ ጭኖ፣
ውሃውን ሳይቀምስ፣ ብርጭቆውን ብቻ ይዞ።
አራት ፊልም ሠርቷል። በአንዱ፣ ሴት ልብስ ታሰጣለች፤ ካሜራው ንቅንቅ አይልም፤
አስጥታ ትገባለች፣ ነፋስ ይመጣል፣ አሁንም ንቅንቅ አይልም።

ከመሃል ረድፍ ተነሣ አንድ ጺማም ተማሪ፦
«ይህን ትዕግሥት ከማን ወሰዱ? ከየትኛው አስተማሪ?»
ማይኩን ተቀበልኩት፤ ላቡ እጀታው ላይ ቀርቷል።

ጋኒም ሳቀ። የታላላቆቹን ስም ሊደረድር ነው ስንል፣
«ወጥ ቤታችን» አለ፣ «ሰሃን ማሳለፊያ መስኮት ነበረው፣ ይህን ያህል» —
በጣቶቹ አራት ማዕዘን ሠርቶ፣ ፊቱን በመሃሉ አሳየን —
«በስድስት ዓመቴ፣ እዚያ ቆሜ አይ ነበር የምትሠራልንን።
አበሻ ናት። ዘይነብ አልናት፤ የራሷን ስም አልጠየቅንም።
ውሃ ስጪኝ፣ ተረት ንገሪኝ፣ ነይ ስላት፣ ዞር አትልም፤
እጇ ሥራ ላይ እንዳለ አንዲት ቃል ትለኝ ነበር፦ ‹ቆይ›።
በቋንቋዋ፣ ይመስለኛል፣ ‹ተመልከት› ማለት ነው፤ ‹እይ›።
እኔም ተመለከትኩ። ሽንኩርቱን፣ እንፋሎቱን፣ አንገቷን፣
ላቧ ከጆሮዋ ሥር ተነሥቶ የሚወርድበትን መንገዱን።
ሌላ ትምህርት ቤት አልገባሁም።»

አጨበጨቡ።

እኔ ግድግዳውን ተደግፌ፣
ስንቴ እንዳልኳት ቆጠርኩ፣ ያቺን ቃል፣ በገዛ አፌ፦
ሪፋ፣ ሦስተኛ ፎቅ፣ ለነዚያ መንትዮች፣
ዘይቱ ሲፈናጠር፣ ካውያው ሲግል፣ ማዳም ስትጣራ፣
የእናቴ ደብዳቤ ሳይከፈት ከኪሴ ሳምንት ሲያድር።
‹እይ› አይደለም ወንድሜ። ቆይ፣ እጄ አልደረሰም።
ቆይ፣ አንድ ትንፋሽ።

አራት ፊልም ሙሉ በተሳሳተ ትርጉም ላይ ቆሟል!
ሳቄ መጣ። ከሳቁ ኋላ ሌላ ነገር መጣ፣
እሱን ዋጥ አደረግሁት።

አወያይዋ ሰዓቷን አይታ «አበቃ» አለች በፈገግታ፤
ሰዉ ቦርሳውን አነሣ፣ ወንበር ተንኳኳ፣ ሆነ ጫጫታ፤
ጋኒም ብርጭቆውን አስቀምጦ ተነሣ፤
ማይኩ እጄ ላይ ነው፣ አረንጓዴ መብራቱ አልጠፋ።

«ቆይ» አልኩ።

ሁለት መቶ አንገት ዞረ።
እሱም፣ አንድ እጁ ኮቱ ውስጥ እንደገባ፣
አየ።