ከበሮ መቀጮ አይከፍልም

ውሃው ገና አልመጣም፤ ጭቃው ላይ ሸርጣን ይሮጣል፤
ጀልባችን ተገልብጦ ሆዱን ሬንጅ ይቀባል።
አዶኪዬ ስንጥቁን በብሩሽ ሲከተል
«አባቴም እዚሁ ጋ ደፍኖት ነበር» ይላል።

ማዶ የጋዙ ነበልባል በጠራራ ፀሐይ
ይንቦገቦጋል፤ ቦኒ ለምዶታል፣ ቀና ብሎም አያይ።

ቤት ማለት እኛ ዘንድ ግድግዳ አይደለም፤
ጀልባ የሚሞላ ቀዛፊ ከሌለህ ቤት አለኝ አትልም።
ሠላሳ መቅዘፊያ፣ ዝገት የበላው አንድ መድፍ፣
ሙታንን በየስማቸው የሚጠራ አንድ ከበሮ፤
ጥሪው ያልገባው ይፈር።

የእናቴን ጆርጅ ታጥቄ፣ አንገቴ ላይ ቀይ ጨሌ፣
የወደቡ ሳንቃ ላይ ቆሜያለሁ።
ዘጠኝ ዓመቴ ላይ፣ እዚሁ ሳንቃ ላይ ጠየቅሁ፦
«ከበሮው ሦስተኛ የሚጠራው ሰው ከየት ነው የመጣ?»
የአክስቴ እጅ አፌን ከደነው። ግን ዘግይቶ።
ማታውኑ ሸንጎ ተቀመጠ።
የሰው ምንጭ አይጠየቅም፤ እዚህ ቤት የገባ የዚህ ቤት ነው።
ሕግ ነው። ደግም ነው ሕጉ።
እናቴ አንድ ፍየል ከፈለች፣ ሁለት ጠርሙስ ጂን ጨምራ፣
ከዚያ ሦስት ቀን አላናገረችኝ።

አሁን ውሃው መጣ።
ቀዛፊዎቹ ጉንጫቸውን ኖራ ተቀብተው ገቡ፤
ኢቢፉሮ ከበሮውን ጉልበቱ መሃል አስገባ።
መሥራቹን ጠራ፤ መቅዘፊያዎች ተነሱ።
ልጁን ጠራ፤ ተነሱ።
ሦስተኛው ላይ እጁ ዘገየ፤ ከዚያ፦

          ውሃ ያመጣው፣
          ተገዝቶ የገዛን።

አንድ ጊዜ ብቻ።
እጁ ስቶ ይሁን፣ ካስተማረው ሰው የወረሰው ይሁን፣ አላውቅም።
ሽማግሌው ሶኮንቴ ጥቁር ኮፍያውን አስተካከለ፤
ማዕበል የሚቆጥር ይመስል ወደ ማዶ አየ።
ማንም ማንንም አልጠየቀም።
ሠላሳው መቅዘፊያ ግን ከወትሮው ከፍ ብሎ ተነሳ፣
ጠብታው እኔ ልብስ ላይ እስኪወርድ።

መድፉ ጮኸ። ጀልባው መሃል ወንዝ ገባ።
ያው ስንጥቅ ዛሬም ያነባል፤
የእህቴ ልጅ በተቆረጠ ጄሪካን
ውሃውን ወደ ውሃ ይመልሳል።

እኔ ያቺን ፍየል አስባለሁ።
አንድ እግሯ ነጭ ነበር።
ገመዷን የያዝኩት እኔ ነበርኩ።