የቀይ ሰም አውራጃ

ቀጢፍ ላይ፣ በግንቦት፣ ባሕሩ እንደ ቅቤ ሲቀልጥ በፀሐይ፣
አንዲት መርከብ መጣች፤ አዲስ አውራጃ አመጣችልን ከላይ።

ሦስት ሣጥን ወረደ፦ መዝገብ በአንደኛው፣ ቀለም በሁለተኛው፣
በሦስተኛው ወንበር፤ አንድ እግሩን የሰበረው ማዕበሉ ነው።
አናጢው ሚርዛ ከአሮጌ ጀልባ ስባሪ ቆርጦ እግር ቀጠለለት፤
መንግሥት ተቀመጠ፣ እየተወዛወዘ። መድፍም ተተኮሰለት።

"ስምህ?" አለኝ ጸሐፊው፣ ራሲም አፈንዲ፣ ላቡን በእጅጌው እየጠረገ።
"መርጃን።"
"ከመርጃን በፊትስ?"
አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ይህን ማንም አልጠየቀኝም።
"ሂርጳ" አልኩ። የሌላ ሰው ድምፅ መስሎኝ ዞርኩ፤ ከኋላዬ ማንም የለም።

"አገርህ?"
"ከጊቤ ማዶ።"
ብዕሩ ቆመ። ለጊቤ ማዶ የሚሆን ዓምድ አልተሰመረም፤
"የአውራጃው ተወላጅ" ብሎ ጻፈኝ፤ እኔም አላረምኩትም።
እንዲህ ነው በአንድ ቀን የተወለድነው፣ እኔና አውራጃው፤
መንታ ነን፤ እሱ በመድፍ፣ እኔ በሹክሹክታ። ታላቁን አላህ ይወቀው።

ቀይ ሰም አቀለጠ፤ "ነጻ" ከሚለው ቃል ሥር አተመልኝ።
ዕዳዬን ግን ናኾዳ ሻሂን በሌላ ደብተር ይዞት ነበር፤
ባሕሩ መልሶ ወሰደኝ።

ሁለት የዕንቁ ወራት።
አፍንጫዬን በቀንድ ቆልፌ፣ እግሬን ከድንጋይ አስሬ ስወርድ፣
ወረቀቴ በፍየል ቆዳ ተጠቅልላ ትጠብቀኛለች፣ ከምሰሶው ግንድ።

በሁለተኛው መስከረም ስንመለስ ወደቡ ዝም አለን።
ባንዲራ የለም። ራሲም አፈንዲ የለም።
"አውራጃው ተሽሯል" አሉን፣
"ለባስራ ተመለሰ"፤ እንደ ትውስት ምንጣፍ።
ሻሂን ወረቀቴን ገለጠ። ሰሙ በሙቀት ፈስሷል፣
ከመሐሉ የነበረችው ጨረቃ ጠፍታለች።
"የማን ማኅተም ነው ይሄ?" አለ። "እንዲህ የሚባል አገር አላውቅም።"

ሰሙ ቀልጧል፤ እውነቱን ነው። እኔ ግን ከሥሩ የቀረችውን፣
"ስምህ ናት" ያሉኝን ጥቁር ጭረት፣ በአውራ ጣቴ ሸፈንኳት፤
ከባሕር ያወጣሁት ዕንቁ ሁሉ ለእሱ ነው፤
ይቺን ግን አላሳየሁት።

ስንት ዘመን ሆነው? ሚርዛም ሞተ፣ ሻሂንም።
ወንበሩን የወሰደ የለም፤ ዛሬም ከአናጢው ደጃፍ ቆሟል፤
ሲመሽ እቀመጥበታለሁ፣ መረብ ስጠግን።
ያው እንደ ልማዱ ይወዛወዛል።