አርባ ሳንቲም

ነቲቮት ማለት ጎዳናዎች፤ ስሟ ከመጽሐፉ፣
«ጎዳናዋም ሁሉ ሰላም ነው» ይላል፤ ከጎዳናው ሥር ያለውን ግን አልጻፉ።

ማታ በአራት ሰዓት ስልኬ ጮኸ፤ አለቃዬ አርማን ነው፤
«ዋናው መስመር ተበጠሰ፤ ተነሥ፣ ሰፈሩ ጨለማ ነው።»
ጨለማ ማለቱ አምፖል ጠፍቶ አይደለም፤
መብራትስ በየመስኮቱ አለ፤ የጠፋው ሌላ ዓለም፤
ተረኛዋ ነርስ መዝገብ አታይ፣ ማደያው ካርድ አያነብ፣
ራውተሩ ሁሉ በየፎቁ ቀይ ዓይኑን ሲያርገበግብ።

ሱዌይሊም፣ የራሃቱ፣ የቁፋሮ ማሽን ሹፌር፣
ክምሩ ላይ ተቀምጧል፣ ራሱም መስሎ አፈር፤
ከማሽኑ ጥርስ ላይ ጥቁር ገመድ ተንጠልጥሏል፣
አንጀቱ ወጥቶ፣ ዝናብ ሲነካው ያብለጨልጫል።
«ካርታው አንድ ሜትር ይላል፤ ወላሂ፣ አንድ ሜትር!
እኔ ገና መጫሩ ላይ ነኝ፤ ወንድሜ፣ እስቲ መስክር።»
አርማን አልሰማውም፤ ወረቀት ላይ ዋጋ ይደምራል፤
«ስልሳ ሺህ ሼቄል፤ ኢንሹራንሱ እንቢ ካለ፣ ከዚህ ሰው ይቆረጣል።»

ጉድጓዱ ውስጥ ወረድኩ። ውኃ እስከ ቁርጭምጭሚት።
ጠጠር፣ የተቀደደ ቱቦ፣ የፍልፈል ጥርስ ያላገኘው ጤነኛ ሽፋን፤
ሜትሬን ዘረጋሁ ከአፋፉ እስከ ገመዱ፤
አርባ ሳንቲም።
ደግሜ ለካሁ፤
አርባ ሳንቲም።
ቢጫው ጥብጣብ የለም፣ ከገመዱ በላይ የሚቀበረው፣
«ተጠንቀቅ» እያለ ቆፋሪን ሁሉ ቀድሞ የሚለምነው።
ገመዱ ላይ የታሰረች፣ ጭቃ የለበሰች
አንዲት የፕላስቲክ ካርድ፤ በአውራ ጣቴ ስጠርጋት አፈጠጠች።
ቀን። ጥልቀት፦ አንድ ሜትር። ከሥሩ ፊርማ፣
አንዲት ፊደል ብቻ፣ እግሯ ወደ ግራ ዘማ፤
«ይ»።
የይርዳው «ይ»። የኔ።
ከጉድጓዱ ዙሪያ የሚያነባት እኔ ብቻ ነኝ።

ዓርብ ነበር፣ ከዘጠኝ ዓመት በፊት። ከሥር ነጭ ዐለት፤
መቆፈሪያው ተሰበረ፣ ፀሐይዋም አዘቀዘቀች ለሰንበት።
«ይበቃል፤ ማን ያየዋል?» ብዬ አፈሩን መለስኩበት፤
«አንድ ሜትር» ብዬ ስጽፍ እጄ እንኳ አልተንቀጠቀጠም፤
ውሸት ሥራ አይደለ፤ ሰንበት ቢገባም አይጥሰውም
አልኩ መሰለኝ፤ ወይም ምንም አላልኩም።

ካርዷን ኪሴ ከተትኩ።

ሱዌይሊም ከዐለቱ ጋር ሌሊቱን ሙሉ ታገለ፤
አንድ ሜትር ስንለካ፣ «አሁንስ?» ብሎኝ ዝም አለ።
አዲሱን ገመድ አስተኛን። ድንኳኗን ወጠርኩ፤
ጣቴን በአልኮል ጠርጌ፣ ክሩን በቀለሙ ለየሁ፤
ሰማያዊ ከሰማያዊ፣ ብርቱካን ከብርቱካን፤
ከጠጕር የቀጠነ መስታወት፣ ልብሱን ገፍፌ ራቁቱን
ከራቁት ጋር አፋጠጥኩት፤ ብልጭ አለች እሳት፣
ሁለቱ አንድ ሆኑ። ማሽኗ ብክነቱን ጻፈች፦ ዜሮ ነጥብ ዜሮ ሁለት።
የተቀጠለ ሁሉ ይህችን ይከፍላል፣
ምንም ቢጠበቡበት፤ ብርሃን ጥቂት ይጎድላል።

አርባ ስምንት ክር፣ ሁለት ጫፍ። ድንኳኗ ስታፈስብኝ
ሱዌይሊም ጃኬቱን አወለቀ፣ ሳልለምነው ጋረደልኝ፤
በሸሚዝ ቆሞ ጥርሱ ሲንገጫገጭ ይሰማኛል፤
ቀና ብዬ አላየሁትም። ክሩ እኮ እጅ ሲርድ ይሰበራል።

ረፋዱ ላይ ራውተሩ ሁሉ አረንጓዴ ሆነ።
አሸዋ አለበስነው። ቢጫውን ጥብጣብ ዘረጋን፣ ቀጥ አድርገን፤
አርማን ትከሻዬን መታ አደረገና ወረቀቱን አቀበለኝ፤
«ምክንያት፦ የሹፌሩ ቸልተኝነት። እዚች ጋ ፈርምልኝ።»

ብዕሩን ያዝኩ። መለስኩለት።
ካርዷን ከኪሴ አውጥቼ መዳፉ ላይ አኖርኩለት።
አገላበጣት፣ ወደ ብርሃን አዞራት፣
«ይህ ደግሞ ምን ምልክት ነው?» አለኝ።
«ፊደል ነው» አልኩት።
«ና፣ እንዴት እንደሚነበብ ላሳይህ።»