የአላፊዎች መዝገብ

ጓርዳ ከምትባል መንደር፣ ሁለት ሰዓት ሳይሞላ፣
ሰባት ሆነን ተነሣን ከኡርሲና ኋላ።
ቅዳሜ ነው፤ ስብሰባው አልቋል፤ ቲኬቴ ለእሑድ ማታ፤
«ባህል በእግር ጉዞ» ይላል ወረቀቱ፣ ከነምሳው፣ ከነሰላምታ።

እውነትም ሰላምታው ቀደመ። «አሌግራ! በሉ፣ አሌግራ!
ደስ ይበልህ ማለት ነው፤ እንዲህ ነን እኛ ከሰው ጋራ፣
ላሙ የሞተችበትን እንኳ።»

ሳቅን። መንገዱ ሽቅብ ሆነ። ከታች የኤን ወንዝ ያጉረመርማል፤
አዲሱ ጫማዬ ከወዲሁ ተረከዜን ይገዘግዛል።

ቤቶቹ ወፍራም ናቸው፤ መስኮታቸው ወደ ውስጥ የገባ፣
ግድግዳቸው ኖራ፣ ኖራው ላይ በምስማር የተጫረ አበባ፣
አበባው ሥር ጽሑፍ። ኡርሲና በጣቷ እየተከተለች አነበበችልን፦

«የገነባኝ ሞተ።
ያስዋበኝ ቬኒስ ወርዶ ኬክ ጋጋሪ ሆነ።
አንተ የምታነበኝ፣ በሩን ዝጋው፤ ብርድ ገባ።»

ቤት እንዲህ ይቆጣል? ባልነካሁት በር አፈርሁ።

ሆላንዳዊው ዮስት ካሜራውን አነሣ፣ ልብስ የምታሰጣ ሴት አይቶ።
ሴትዮዋ አንሶላውን ሳብ አደረገች፤ ፊቷ ከኋላው ጠፍቶ
ሁለት መቆንጠጫና አሥር ጣት ብቻ ቀረ።
«እሱንም ባህል በለው» አለች ኡርሲና። ዮስት አቀረቀረ።

ደግሞ ወጣን። ደግሞ ወረድን። የታጨደ ሣር ይሸታል፤
የላሞቹ ደወል፣ ሳህን የሚታጠብበት ማድቤት ይመስል፣ ይንኳኳል።
ከገንዳው ዳር፣ ግንድ ተቦርቡሮ ውኃ ከሚንዶቀዶቅበት፣
ኡርሲና የዋልነት ኬክ ቆረሰች፤ ምጣኔው ምስጢር ነው፣ ባሏም አልደረሰበት።

ቦሽቻ ስንደርስ፣ ጥቂት ቤትና አንዲት አግዳሚ ወንበር፣
ያኸን የሚባል ሽማግሌ፣ ቀጠሮ እንዳለው ሰው፣ ቁጭ ብሎ ነበር።
ጉልበቱ ላይ ደብተር። በእርሳሱ ጫፍ ቆጠረን፤
ሰባት።
«ይኼ ሠላሳ አንደኛ ደብተሩ ነው» አለች ኡርሲና፤
«በዚህ መንገድ ያለፈ ሁሉ እዚያ ያድራል።»
አስፈቅዳ፣ ተርጉማ አነበበች፦

«ሰኔ ሦስት። ዝናብ። አራት ሰዎች።
አንዱ ካፖርት የለውም፤ የዋህ ይመስላል።»

«ሐምሌ ዐሥር። ዐሥራ አንድ።
አንዷ ታለቅሳለች። አልጠየቅኋትም። ውኃ ሰጠኋት።»

«ነሐሴ። ሳምንቱን ሙሉ ማንም።
ድመቷ አለፈች።»

ዝም አልን። ባህል ልናይ ከፍለን መጥተን፣
ባህሉ ወንበር ላይ ተቀምጦ፣ መነጽሩን ወልውሎ፣ አየን።

ከዚያ ወደ እኔ ዞረ። «የሚያነክሰውን፣ ማን ልበል?»
«መቆያ» አልሁ።
«ትርጉም አለው?»
እንዴት ላስረዳው? «ዋናው እስኪመጣ የሚያቆይ ነገር፤
ከምሳ በፊት የሚቀመስም እንዲሁ ይባላል» አልሁ፤ ኡርሲና ታሻግር ጀመር፣
ካንዱ ቋንቋ ወደ ሌላው፣ እንደ ተሰባሪ ዕቃ።
ሽማግሌው ሳቀ፣ ሳለ፣ ደግሞ ሳቀ፤ እንደምንም አበቃ።
«ይኼን ሁሉ ዘመን አላፊ ጻፍሁ፤ መቆያ ገና ዛሬ መጣ!
በራስህ ፊደል ጻፈው።» እርሳሱን ሰጠኝ፤ መዳፌ ላብ አወጣ።

ሦስት ፊደል ናት። ጻፍሁ። ደብተሩን አዞረው፣ ገለበጠው፣
«ላይኛው በየት በኩል ነው?» አለ፤ አሳየሁት።
«ቆ»ን በጣቱ ዳሰሳት።
«ይቺም እንደናንተ ቦርሳ አዝላለች።»

ግን አልቆየሁም። አርዴዝ ጣቢያ ቀዩ ባቡር ደረሰ።
ጫማዬን አወለቅሁ፤ ካልሲዬ ላይ ደም፣ ሳንቲም የምታህል።
ዮስት ፕላስተር ሰጠኝ፤ ካሜራውን ከአንሶላዋ ወዲህ አልከፈተውም።
በመስኮቱ ቀና ብዬ ቦሽቻን ፈለግሁ። ጥድ ጋርዷታል።
ዝናብ ጀምሯል፤ ደብተሩን ብብቱ ሥር ይዞ ገብቶ ይሆናል።

ለመሐረብ እጄን ኪሴ ከተትሁ።
የያኸን እርሳስ ወጣ።