ላልቶ ሲነበብ

አራተኛ ክፍል፣ አቃቂ፣ ቆርቆሮው በዝናብ ሲደበደብ፣
መምህር ኩምሳ ሰሌዳው ላይ «ሰፊ» ብለው ጻፉ፤ «እስቲ ይነበብ።
ጠብቆ ሲነበብ ሜዳ ነው፤
ላልቶ ሲነበብ መርፌ የያዘ ሰው።»
ከኋላ ወንበር አንዱ ጮኸ፤
«ትርንጎ ራሷ ላልታ ነው የምትነበብ!»

ክፍሉ ሳቀ። እኔም ሳቅሁ።
አውራ ጣቴን አጥፌ ክንዴ ላይ አስተኛሁ፣
ክርኔን ወደ ኋላ ቀለበስሁ፣
ጉልበቴን ሳላጥፍ መዳፌን መሬት ላይ አነጠፍሁ፤
በአንድ ከረሜላ አሳየሁ፣ በሁለት ከረሜላ ደገምሁ።
«ላስቲኳ!» ይሉኝ ነበር፤ ኩራቴ ነበር፤
ልጅ ምን ያውቃል የአጥንትን ነገር።

አሁን ሠላሳ አንድ ዓመቴ፤ ቱሉ ዲምቱ፣ ኮንዶሚኒየም፣ አራተኛ ፎቅ።
ውሃ ማክሰኞ ሌሊት ይመጣል፤ ከምድር ወለል በላይ መውጣት አያውቅ።
ሃያ ሊትሯ ቢጫ ጀሪካን፣ ሰባ ሁለት ደረጃ፤
በየወለሉ አሳርፋታለሁ፣ ለወገቤ ምልጃ።
ቀን ቀን ልብስ ሰፊ ነኝ፣ ፋብሪካ፣ መደገፊያ በሌለው በርጩማ፤
የማላውቀው አገር ሰው ሱሪ፣
ኪሱን ብቻ፣ ኪሱን ብቻ፣ ከጠዋት እስከ ጨለማ።

ሕመሙ እንደ ተከራይ ነው የገባ፤
መጀመሪያ ዳሌዬ ላይ አንድ ጥግ ለመነ፣
ኋላ እስከ ማጅራቴ ቤቱን ገነባ።
ብቆም ያመኛል። ብቀመጥ ያመኛል።
ስተኛ ትከሻዬ ከቦታው ይንሸራተታል።
ኤክስሬዩ ንጹሕ ነው አሉ። ደሙም ንጹሕ።
ንጹሕ ሆኖ የሚያቃስት ሰው
ውሎ አድሮ ራሱን መጠርጠር ይጀምራል።

ጎረቤቴ እትዬ አሰለፈች ወጌሻ ዘንድ ወሰዱኝ፣ ገላን ማዶ፤
አቶ ጭብሳ በቅቤ አሹኝ፣ ጎተቱኝ፣
ጀርባዬ ተንጣጣ፣ እንደ እርጥብ እንጨት ተማግዶ።
ሦስት ቀን ቀለለኝ።
በአራተኛው ከአልጋ መውረድ አቃተኝ።

በመጨረሻ አንድ ወጣት፣ በሱፈቃድ የሚባል፣ ፊዚዮቴራፒስት፣
ጣቶቼን አጠፈ፣ ጉልበቴን አየ፤
«መዳፍሽን መሬት አስነኪልኝ እስቲ።»
አስነካሁ። ያለ ከረሜላ።
አልሳቀም። አላጨበጨበም። ጻፈ።
«ጅማትሽ ላልቷል፣ ከተፈጥሮሽ፤ አጥንትሽን አይዝም።
ስለዚህ ጡንቻሽ ነው የያዘው፣
ቀንም ሌትም፣ ተረኛ እንደሌለው ዘበኛ።
የጠበቀው ስለሚጠብቅሽ ነው።
አንቺ ደግሞ ይፍታታ እያልሽ
በየማለዳው ከበሩ ላይ ትጎትቺዋለሽ።»

አሥራ ሁለት ዓመት የረገምሁት ቋጠሮ፣
ዘበኛዬ ኖሯል። ደመወዝ አልከፈልሁት፣
እንቅልፍ አልሰጠሁት።

«መሳሳብ ይቅር። ማጠንከር ነው፣ ቀስ እያሉ፣ በወራት።
ጀሪካኑንም አምስት ሊትር አድርጊው፤ ተመላለሺ፣ አራት ጊዜ።»
አራት ጊዜ ሰባ ሁለት!
(ይሄ ልጅ ምድር ቤት ተከራይቶ መሆን አለበት።)

ትናንት ማታ መብራት ጠፍቶ፣ በስልኬ ብርሃን፣
ሲምቦ፣ ሰባት ዓመቷ፣ «እማ፣ እዪኝ!» አለች፤
አውራ ጣቷን አጥፋ
ክንዷ ላይ አስተኛች።

ፈገግታዋ የኔው ነው፤ ከረሜላ የሚጠብቅ።
አልጮኽሁም። አላጨበጨብሁም።
ጣቷን ቀስ ብዬ ወደ ቦታው መለስሁ፤
ምንጣፉ ላይ ጎን ለጎን በጀርባችን ተኛን፤
አንድ እጅ ወደ ጣሪያው፣ አንድ እግር ከመሬት ስንዝር ከፍ፣
እየተንቀጠቀጥን መቁጠር ጀመርን።
ከታች፣ በአቧራው መንገድ፣ አሸዋ የጫነ ሲኖትራክ መስኮቱን አናግቶ አለፈ።
«እማ፣ አልቋል?»

«ገና» አልኋት።
ላልቶ ይነበብ፣
ለጊዜው።