ጥቀርሻ

ሰባት ዓመትሽ ነበር፣ እኔ አሥራ ሰባቴ፤
እናታችን ጠራችኝ፦ «ነይ ወዲህ ሽኩርቴ!»
ከትራክተሩ ቱቦ ጥቀርሻውን ዝቃ
ጉንጬን፣ ግንባሬን ቀባች፣ እስከ አንገቴ ዘልቃ።
በበግ ጸጉር መቀስ ሹሩባዬን ጣለች፣
የአያታችንን ጥቁር ጨርቅ ራሴ ላይ አሰረች።
«ጎብጠሽ ተቀመጪ፣ አፍሽን ክፈቺ፣
ወታደር ሲመጣ እንደ ጅል ተመልከቺ።»

አንቺ ሳቅሽብኝ፣ ቭዮሳ።
«እኔንም ቀቢኝ» አልሽ፣ እጇን እየሳብሽ፣
በዓል ነው መስሎሽ፣ ጨዋታ ነው መስሎሽ።
እሷም አንዲት ነጥብ አፍንጫሽ ላይ ጣለች፤
«በቃሽ፣ አንቺ ገና ነሽ» አለች።
ያቺ «ገና» የምትል ቃል ጆሮዬ ውስጥ አለች።

ከጃኮቫ እስከ ሞሪና መንገዱ በሙሉ
ጋሪ በጋሪ ነበር፤ ሕፃናት ያዝላሉ፣
ላሞች ይከተላሉ።
መታጠፊያው ላይ ቆምን።
አባታችንን ስሙን ጠየቁት፣
መታወቂያውን ቀደዱት፣
ከጋሪው አወረዱት።
ነጭ የሱፍ ቆቡ ፍራሹ ሥር ወድቆ
ከኛ ጋር ተሻገረ። ራሱ ግን ቀረ።
አንዱ በባትሪ ፊቴን አየ፣
ምራቁን ተፋና «ንዱት!» አለ።
አስቀያሚ ሆኜ ድንበሩን አለፍኩት።

ኩከስ ላይ የትምባሆ መጋዘን ሰጡን፤
የቅጠሉ ሽታ እንቅልፍ እየነሳን
ሦስት መቶ ሰው በአንድ ጣራ አደርን።
አንቺ ለዱቄት ወተት ሰልፍ በተሰመረው
ነጭ መስመር ላይ፣ የኔን ጫማ አጥልቀሽ፣
እጅሽን ወገብሽ ላይ አድርገሽ
ትሄጃለሽ፣ ትመለሻለሽ።
አንዲት የፔያ ሴት፣ ሕፃን መንገድ ላይ የቀበረች፣
ሳህኗን በማንኪያ እየመታች
«ሂጂ የኔ ሙሽራ! ሂጂ!» አለች።

ከዚያ እኔ ቪንተርቱር፣ የሆስፒታል አንሶላ ማጠቢያ፤
አንቺ ከእማ ጋር፣ ጣራ አልባው ቤት መግቢያ።
ፕሪሽቲና ሦስተኛ ወጥተሽ ደወልሽልኝ፤
«ተረከዜ ደማ» አልሽኝ፣
ስለ ሽንፈትሽ ግን ምንም አልነገርሽኝ።
ጎረቤት አማሽ፦ «የሟች ልጅ ገላዋን ታሳይ!»
እማ የአባታችንን ቆብ ቴሌቪዥኑ ላይ
አስቀመጠች፤ አብሯት እንዲያይ።

ቲራና ላይ አቅራቢው ማይኩን አስጠጋልሽ፦
«ውበት ማለት ምንድን ነው?» ሲል ጠየቀሽ።
«ከውስጥ የሚወጣ ብርሃን» አልሽ፤
አዳራሹ ተነሣ፣ ዘውድ ደፉልሽ።
እኔ ወጥ ቤቴ ውስጥ፣ እጄ በሳሙና፣
ቆሜ ቀረሁ፣ የምለው ጠፍቶኝ።
ከውስጥ? ማን ነገረሽ?
እኔ የማውቀው ውበት ከላይ ነው የሚኖረው፣
ቆዳ ላይ፣ ለባትሪ ብርሃን ቅርብ ሆኖ፤
እናት ከሌባ ልትደብቀው
ጥቀርሻ የምታለብሰው።
ግን ይህን ለአቅራቢ አይነግሩትም፤
በሠላሳ ሴኮንድ አያልቅም።

በዓመቱ ባሕር ማዶ፣ የዓለሙ ውድድር ላይ፣
የአገርሽን ስም አጣመው ጠሩት፤
በመጀመሪያው ዙር ወጣሽ።
በመመለሻሽ እኔ ዘንድ አደርሽ፣
ዘውዱን በፌስታል ጠቅልለሽ፤
አንድ ጥርሱ ተሰብሯል።
ጠረጴዛው ላይ፣ ዳቦው አጠገብ፣ አኖርሽው።

ሠላሳ ዓመቴ ነው፣ ኩል ነክቶኝ አያውቅም።
«ልቀባሽ?» አልሽኝ።
«አንቺ ገና ነሽ» አልኩሽ፤ ሁለታችንም ሳቅን፣
ሳቁ ግን ቶሎ አለቀ።
አገጬን ያዝሽው። ጣትሽ የእማ ጣት ነው፣
አጭር፣ ሻካራ፣ ካሜራ የማያየው።
ዓይኔን ጨፈንኩ። የናፍጣው ሽታ መጣ፤
ጠበቅሁት። ቆየ። ከዚያ ወጣ።
ከንፈር ቀለሙን ከፍተሽ ወደኔ እየቀረብሽ
«አፍሽን ክፈቺ» አልሽ።

ከፈትሁት፣ እህቴ። ያኔም ከፍቼ ነበር።
አሁን ግን ስትጨርሺ፣ ወዴትም አትውጪ፤
መስታወቱን አምጪ።