መቶ ሰማንያ ሜትር

ዓራድ ነው የኔ ቤት፣ ከበረሃው ጫፍ ላይ፣
በረንዳ ስወጣ ሙት ባሕር የሚታይ።
ከዓለም ሁሉ ዝቅ ካለው ሸለቆ ዳር
ከፍታ እሸጣለሁ፣ ሲሆን በእጅ በእጅ፣ ሲብስም በብድር።

ጎህ ሳይቀድ ተነሥቼ፣
ሁለት ጀሪካን ውሃ አዝዬ፣ የእባቡን መንገድ ገፍቼ፣
ማሳዳ አናት ስደርስ እደፋዋለሁ፤
ጉልበት ለነገ ነው፣ ባዶዬን እወርዳለሁ።
ክንፏ ብርቱካናማ አንዲት ጥቁር ወፍ
ከደፋሁት ትጠጣለች፣ ዐለቱ ሳይቀድማት፣ ኩሬው ሳይነጥፍ።

አባቴ፣ በሱዳን አሸዋ በእግሩ የመጣ፣
ሥራዬን ስነግረው፣ ቃል ካፉ ሳይወጣ
ቆየና፣ "ማነው" አለኝ፣ "ያሳደደህ ሰው?"
"ይከፍሉኛል" አልኩት። ሳቀ፣ ሳል እስኪያፍነው።
"እኛም ለሲግድ ተራራ ወጥተናል፣ ድንጋይ ተሸክመን፤
ከፋይ ግን አላየን፣ ይልቅ እኛው ጾምን።"

ኤልያኪም ይባላል፣ የሬሆቦት ጥርስ ሐኪም፤
ሰባት ዓመት ቆጥቦ ሂማላያ የመጣ፣ ሳይታክት፣ ሳይደክም።
መቶ ሰማንያ ሜትር ሲቀረን ለጫፉ
ቃላት እንደ ሰካራም ተንገዳገዱ ባፉ።
የሴት ልጁን ስም ብጠይቀው
የውሻቸውን ጠራ፤ ደገምኩት፣ ያንኑ ደገመው።
ከቀኑ ስምንት ሰዓት፣ የመመለሻው ቁርጥ፤
በጓንቱ ውስጥ ጣቱን ብጨምቅ አይሰማም፣ አይደነግጥ።
ሰማዩ ጥርት ብሎ፣ ነፋስም አልነበር፤
ጫፉ ያው እዚያው ነው፣ ከቤቴ እስከ ዳቦ ቤቱ በር።

"እንመለስ" አልኩት።

ሰደበኝ። ለመነኝ። ደግሞም አለቀሰ፤
እንባው ጉንጩ ላይ እንዳለ በረዶ ለበሰ።
ገመዱን አሳጥሬ፣ እንደ እምቢተኛ ወይፈን፣
ቁልቁል ነዳሁት፣ ሌሊቱ ሳይሸፍነን።

አሁን ቤርሼባ ገበያ ካገኘኝ ፊቱን ያዞራል፤
"ጫፌን ሰረቀኝ" እያለ ለሰው ያወራል።
ለሌላውም ቢሆን፣ "ስንት ጫፍ ረገጥክ?" ነው ጥያቄው፤
"አምስት" እላለሁ። አሥራ ሁለቱን መመለስ ማን ሊጠይቀው?

ግን በየሮሽ ሃሻናው አንድ ብልቃጥ ማር
ይመጣል ከሚስቱ፣ ያለ ደብዳቤ፣ ያለ ምንም ነገር፤
ክዳኑ ላይ ብቻ፣ ቁራጭ ወረቀት ተለጥፎ፣
"ኖጋ" የሚል ስም አለ፣ በልጅ እጅ፣ በቀይ ቀለም ተጽፎ።

እበላዋለሁ፤ ደረቅ ዳቦ ላይ፣
ቆሜ፣ ጎህ ሳይቀድ፣
ጀሪካኖቹ ከቧንቧው እስኪሞሉ ድረስ።